የኤቨረስት የሄሊኮፕተር ጉዞ፦ አሥሯን ደቂቃ የሚወስናት ምንድን ነው?

የኤቨረስት እግረኞች መነሻ ከሆነችው የኔፓል ከተማ ከሉክላ ተነስቶ ኤቨረስት ሥር ደርሶ ለመመለስ እግረኛ ከ12 እስከ 14 ቀን ያስፈልገዋል። ደርሶ መልሱ 130 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ቀኑን የሚያበዛው ግን ርቀቱ ሳይሆን ሰውነት ከፍታውን እስኪለምድ መጠበቁ ነው። ጉልበቱን የሚያመው፣ ዕድሜው የገፋ፣ ወይም ከዓመት ፈቃዱ ጥቂት ቀን ብቻ የተረፈው ሰው ሌላ አማራጭ አለው። በማለዳ ከኔፓል ዋና ከተማ ከካትማንዱ በሄሊኮፕተር ይነሳል፣ ኤቨረስት ፊት ለፊት በሚታይበት ካላ ፓታር በሚባል ከፍታ ላይ በ5,500 ሜትር ገደማ ያርፋል፣ ቁርሱን ተራራ ላይ ይበላል፣ ምሳ ሳይደርስ ይመለሳል። ጉዞው በጠቅላላ ከአራት እስከ አምስት ሰዓት ይፈጃል።

ዋጋው ቀላል አይደለም። ከሌሎች ጋር ተጋርተው ሲሄዱ ለአንድ መቀመጫ አብዛኛውን ጊዜ ከ1,000 እስከ 1,500 የአሜሪካ ዶላር ይጠየቃል። ይህን ከፍሎ ካላ ፓታር ላይ የሚቆየው ቢበዛ አሥር ደቂቃ መሆኑን እዚያው ደርሶ የሚሰማ መንገደኛ ብዙ ነው። ቅር መሰኘቱ አይገርምም፤ ምክንያቱን ማንም አልነገረውማ። ምክንያቱ አየሩ መሳሳቱ ነው። ስንት ሰው እንደሚሳፈር፣ ለምን ሉክላ እንደሚታረፍ፣ ለምን በማለዳ እንደሚኬድ፣ ለምን ሻንጣ ይዞ መሄድ እንደማይቻል፣ ሁሉም የሚመዘዘው ከዚሁ ነው።

ለዚህ ጉዞ በኔፓል በብዛት የሚበረው ኤይርባስ ኤች 125 ነው፤ ቀድሞ ኤኤስ 350 ቢ3 ይባል የነበረው። አንድ ሞተር፣ አንድ አብራሪ፣ አምስት ተሳፋሪ። ትንሽ ነው ብሎ መናቅ አያስፈልግም፤ ፈረንሳዊው አብራሪ ዲዲዬ ዴልሳል በሜይ 14 ቀን 2005 እ.ኤ.አ. የኤቨረስት ጫፍ ላይ ያሳረፈው ይህንኑ ዓይነት ነበር። ያን ጊዜ ግን አብራሪው ብቻውን ነበር፣ የተሳፋሪ ወንበሮቹም ተነቅለው ነበር። ሰው ሲጫንበት ሂሳቡ ይለወጣል።

5,500 ሜትር ላይ የአየሩ ግፊት ባሕር ወለል ላይ ካለው ግማሽ ያህል ነው። ሄሊኮፕተር የሚነሳው ክንፎቹ አየሩን ወደ ታች ሲገፉት ነው፤ የሚገፋው አየር ሲሳሳ የማንሳት አቅሙም ይቀንሳል። ሞተሩም የሚተነፍሰው ያንኑ አየር ስለሆነ ጉልበቱ ይወርዳል። አፍንጫውን ቀጥ አድርጎ የሚይዘው የጭራው ትንሽ ክንፍም እንደዚሁ ይደክማል። ሙቀት ሲጨመርበት ደግሞ ይብሳል፦ አየሩ ለዚያ ከፍታ ከተለመደው በ10 ዲግሪ ሴልሺየስ ሲሞቅ፣ ሄሊኮፕተሩ 360 ሜትር ያህል ተጨማሪ ከፍታ ላይ እንዳለ ሆኖ ነው የሚሰማው። ማለዳ የሚመረጠው ለእይታው ጥራት ብቻ አይደለም፤ ብርዱ ራሱ ጉልበት ነው።

ስለዚህ ከካትማንዱ አምስት ሆነው የተነሱት እስከ ላይ አምስት ሆነው አይደርሱም። አብራሪው በመንገድ ላይ ባሉት ፌሪቼ (4,200 ሜትር አልፎ) ወይም ጎራክ ሼፕ (5,164 ሜትር) በሚባሉ መንደሮች ላይ ግማሹን አውርዶ ሁለት ወይም ሦስት ሰው ብቻ ይዞ ወደ ካላ ፓታር ይወጣል፣ አውርዷቸው ይመለሳል፣ የቀሩትን ይወስዳል። ከእነዚህ መንደሮች ወደ ላይ የሚፈቀደው የተሳፋሪ ክብደት በአንድ ምልልስ በአጠቃላይ 250 ኪሎ አካባቢ ነው፤ ቁጥሩ እንደ ድርጅቱና እንደ ዕለቱ ሙቀት ይለያያል። ሲመዘገቡ ኪሎ የሚጠየቀው፣ ጠዋትም አውሮፕላን ማረፊያው ላይ ከነልብስና ከነቦርሳ ሚዛን ላይ የሚቆመው ለዚህ ነው። በቅጹ ላይ አሥር ኪሎ የቀነሰ ሰው ሚዛኑ ያጋልጠዋል፤ ከዚያ ወዲያ ሁለት የነበረው ምልልስ ሦስት ይሆናል፣ ነዳጁም ሰዓቱም የሚቀነሰው ከሁሉም ሰው ድርሻ ነው። ከ100 ኪሎ በላይ የሚመዝን ሰው አስቀድሞ ቢናገር ይሻለዋል፤ አንዳንዱ ድርጅት ተጨማሪ ክፍያ ይጠይቃል፣ ግን ቦታው ተስተካክሎ ይጠብቀዋል።

ነዳጁም ክብደት ነው። የኤች 125 ጋን 540 ሊትር ያህል ይይዛል፤ የአውሮፕላን ነዳጅ በሊትር 0.8 ኪሎ ስለሚመዝን ሙሉው ጋን 430 ኪሎ ገደማ ይሆናል። ይህ አብዛኛውን ጊዜ ከአምስቱ ተሳፋሪዎች ክብደት ይበልጣል! ስለዚህ ሞልቶ ወደ ላይ መውጣት የለም፤ የሚያስፈልገውን ያህል ብቻ ይዞ ሉክላ ላይ ይቀዳል፣ ሲመለስም እንደገና ይቀዳል። በረራው ላይ በደቂቃ ሦስት ሊትር ገደማ ይበላል።

እዚህ ላይ ነው የአሥር ደቂቃዋ ነገር የሚገለጠው። ካላ ፓታር ላይ ሞተር አይጠፋም። ጠፍቶ በስስ አየርና በብርድ አልነሳም ቢል እዚያ መካኒክ የለም፤ ተሳፋሪዎቹም ከአንድ ሰዓት ተኩል በፊት 1,338 ሜትር ላይ የነበሩ፣ ሰውነታቸው ከፍታውን ፈጽሞ ያልለመደ ሰዎች ናቸው። እነሱን እዚያ አቆይቶ ማስመሸት ማለት ሕይወታቸውን አደጋ ላይ መጣል ነው። ሞተሩ እየሠራ ነዳጅ ይነዳል፣ ታች የቀሩት ይጠብቃሉ፣ ሸለቆው ውስጥ ደመና መነሳት ይጀምራል። አሥር ደቂቃ የሚሰጥ አብራሪ ስስታም አይደለም። እንዲያውም «ሠላሳ ደቂቃ ካላ ፓታር ላይ እናቆያለን» ብሎ የሚያስተዋውቅ ድርጅት ካጋጠመ መጠርጠር ይገባል።

የዕለቱ ቅደም ተከተል ይህን ይመስላል። በእኛ ሰዓት አቆጣጠር ከንጋቱ 11 ተኩል ገደማ ካትማንዱ ትሪቡቫን አውሮፕላን ማረፊያ፣ የአገር ውስጥ በረራ ተርሚናል መድረስ፤ ፍተሻ፣ ሚዛን፣ ገለጻ። ከ12 ሰዓት እስከ 12 ተኩል መነሳት። (ቲኬቱ ላይ 6:00 ወይም 6:30 ተብሎ ነው የሚጻፈው፤ ግራ የሚጋባ አይጠፋም።) ከ45 እስከ 50 ደቂቃ በኋላ ሉክላ። አውሮፕላን ማረፊያዋ 2,845 ሜትር ላይ ናት፤ 527 ሜትር ብቻ የሆነችው ማኮብኮቢያ ወደ ተራራው ሽቅብ የምትወጣ ስለሆነች ከአየር ላይ ማየቱ ራሱ ትልቅ ነገር ነው። መጸዳጃ ቤት መጠቀም የሚቻለው እዚህ ነው፤ ከዚህ በኋላ እስከ ቁርስ ድረስ ምቹ ቦታ የለም። ከሉክላ ተነስቶ ናምቼን (3,440 ሜትር) እና የቴንግቦቼን ገዳም በቀኝና በግራ እያዩ ወደ ፌሪቼ፣ ከዚያ በኩምቡ የበረዶ ግግር ላይ አድርጎ ወደ ቤዝ ካምፕ (ኤቨረስት ሥር ወዳለው የተራራ ወጪዎች ሰፈር) አናት፣ ከዚያ ካላ ፓታር።

ብዙ ሰው የማያውቀው አንድ ነገር አለ፦ ከቤዝ ካምፕ ላይ የኤቨረስት ጫፍ አይታይም። ኑፕትሴ የተባለው ጎረቤት ተራራና የኤቨረስት የራሱ የምዕራብ ትከሻ ይጋርዱታል። 8,848.86 ሜትር የሆነው ጫፍ ፊት ለፊት የሚታየው ካላ ፓታር ላይ ነው፤ ስሙ «ጥቁር ድንጋይ» ማለት ነው። ስለዚህ በውሉ ላይ «ቤዝ ካምፕ ማረፍ» ከሚለው ይልቅ «ካላ ፓታር ማረፍ» የሚለው ነው ገንዘብ የሚያወጣው።

ሲመለሱ ስያንግቦቼ ላይ፣ 3,880 ሜትር፣ ኤቨረስት ቪው ሆቴል ለቁርስ ይታረፋል፤ ከሠላሳ እስከ አርባ አምስት ደቂቃ። ከበረንዳው ኤቨረስት፣ ሎትሴ (8,516)፣ አማ ዳብላም (6,812) እና ታምሰርኩ ይታያሉ። በእኔ አስተያየት የጉዞው ምርጥ ክፍል ይህ ነው። ካላ ፓታር ላይ ሰው ትንፋሹን ያሳድዳል፣ ጣቱ ይደነዝዛል፣ ከሠላሳ ፎቶ አንዱን እንኳ በደንብ አያየውም፤ እዚህ ግን ተቀምጦ ሻይ ይዞ ተራራውን ያያል። የቁርሱ ሂሳብ ብዙ ጊዜ ለብቻ ነው የሚከፈለው።

ወደ ሰውነት ጉዳይ እንምጣ። ከካትማንዱ ወደ 5,500 ሜትር በጥቂት ሰዓት መውጣት ማለት ከራስ ደጀን አናት ወደ አንድ ሺህ ሜትር ገደማ በልጦ መገኘት ማለት ነው። «የደጋ ሰው ነኝ» ብሎ መመካት አይበቃም። በ2,300 እና 2,400 ሜትር አካባቢ አዲስ አበባ የሚኖር ሰው ከዱባይ ወይም ከቴል አቪቭ ከሚመጣው ይልቅ በመጠኑ ይሻለዋል፣ 5,500 ግን ለሁለቱም አዲስ ነው። እዚያ የሚሰማው ማዞር፣ የልብ መምታት፣ የእግር መክበድ ነው፤ ጣት ላይ የሚሰካው የኦክስጅን መለኪያ ከ80 በመቶ በታች ማሳየቱ የሚጠበቅ ነው። የከፍታ ሕመም ተብሎ የሚታወቀው፣ ራስ ምታትና ማቅለሽለሽ ያለበት፣ አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምረው ከስድስት እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ከቆዩ በኋላ ስለሆነ በአሥር ደቂቃ ብዙም አይደርስም። አደጋው ደመና ዘግቶ ላይ ከተቀሩ ነው። በዚህም ምክንያት «ሌሊቱን ስያንግቦቼ ያሳድራል» የሚለውን ጥቅል ከካትማንዱ በቀጥታ በርሮ መግዛትን አልመክርም፤ ሳይለምዱ 3,880 ሜትር ላይ መተኛት ከአሥር ደቂቃ የካላ ፓታር ቆይታ ይበልጥ ያሳምማል።

ካላ ፓታር ላይ ከሄሊኮፕተሩ ሲወርዱ በዝግታ መንቀሳቀስ ነው፤ መሮጥ የለም፣ ለፎቶ መዝለል የለም። አብዛኛው ሰው የሚያዞረው በመጀመሪያው ደቂቃ ዘልሎ ወጥቶ አቀበቱን በፍጥነት ሲወጣ ነው። ኦክስጅን ሄሊኮፕተሩ ውስጥ መኖሩን ከመነሳት በፊት መጠየቅ፣ ጭንቅላት ከከበደ ሳያፍሩ መጠየቅ። የልብ ወይም የሳንባ ሕመም፣ ከባድ የደም ማነስ፣ እርግዝና፣ በቅርቡ የተደረገ ቀዶ ሕክምና ያለበት ሰው ሐኪሙን ሳያማክር አይሂድ። የሄሊኮፕተሩ ውስጥ አየር እንደ ትልቅ አውሮፕላን ግፊቱ የተስተካከለ አይደለም፤ ጉንፋን የያዘው ሰው በተለይ ሄሊኮፕተሩ ወደ ታች ሲበር ጆሮውን ክፉኛ ሊያመው ይችላል። በዐቢይ ጾም የሚሄዱ ደግሞ ያስቡበት፤ የጸደዩ የጉዞ ወቅት ከጾሙ ጋር ይገጣጠማል። እህልም ውኃም ሳይቀምሱ 5,500 ሜትር መውጣት ማዞሩን ያብሰዋል። በአንዳንድ ዓመታት ረመዳንም በዚሁ ወቅት ላይ ስለሚውል ለሙስሊም መንገደኛም ያው ነው።

ሄሊኮፕተሩ አጠገብ ያለው ሕግ ጥቂት ነው፣ ግን ቀልድ የለበትም። ከኋላ በኩል ፈጽሞ አይጠጉም፤ የጭራው ክንፍ ሲሽከረከር ለዓይን አይታይም። አብራሪው ሊያያችሁ ከሚችልበት ከፊት ወይም ከጎን፣ እሱ ምልክት ሲሰጥ ብቻ። ካላ ፓታር ተዳፋት ስለሆነ ደግሞ ሌላ አደጋ አለ፦ በአቀበቱ በኩል መሬቱ ወደ ላይኛው ክንፍ ስለሚቀርብ፣ ታች በኩል ራስ ላይ ሰፊ ክፍተት ያለው ክንፍ አቀበቱ በኩል የሰው ራስ ሊነካ ይችላል። ስለዚህ ሁልጊዜ በቁልቁለቱ በኩል መውጣትና መግባት ነው። ኮፍያና ሻርፕ ኪስ ውስጥ፣ የስልክ ዘንግ ተጣጥፎ ዝቅ ብሎ።

ልብስ ላይ፣ በማለዳ ከዜሮ በታች መሆኑን አስቦ ወፍራም ጃኬት፣ ጓንት፣ የተዘጋ ጫማ። የሚሽከረከረው ክንፍ የሚያነሳው ንፋስ ብርዱን በእጥፍ ያሰማል። በረዶው ብርሃን ስለሚያንጸባርቅ ጥሩ የፀሐይ መነጽርና ቅባት የግድ ነው።

መቀመጫ ለሚያስብ፦ ከካትማንዱ ወደ ሉክላ የሚበረው ወደ ምሥራቅ ነው፣ ተራሮቹ በሰሜን ናቸው፤ ስለዚህ ሲሄዱ ግራው፣ ሲመለሱ ቀኙ ነው የሚያየው። አብራሪው በቀኝ ስለሚቀመጥ የፊት ግራ ወንበር ምርጡ ነው። ማን እንደሚቀመጥበት የሚወስነው ግን ክብደት ማመጣጠኑ ስለሆነ ለአብራሪው መታዘዝ ያስፈልጋል፤ ሉክላ ላይ ቦታ መቀያየር ይቻል እንደሆነ በትሕትና መጠየቅ አይከፋም። ካሜራ ላይ ፖላራይዘር (ነጸብራቅ የሚቀንስ የሌንስ ማጣሪያ) ከተገጠመ መውለቅ አለበት፣ የሄሊኮፕተሩ ፕላስቲክ መስኮት ላይ የቀስተ ደመና ዝብርቅርቅ ያወጣል። ጥቁር ልብስ የመስኮቱን ነጸብራቅ ይቀንሳል። ሌንሱን መስኮቱ ላይ አያስደግፉ፣ ንዝረቱ ምስሉን ያደበዝዘዋል፤ የመዝጊያ ፍጥነቱን 1/1000 ወይም ከዚያ በላይ ማድረግ ነው። ባትሪ በብርድ ቶሎ ያልቃል፣ ትርፉን በብብት ወይም በውስጥ ኪስ ይያዙ።

ወቅቱ ከኦክቶበር እስከ ኖቬምበር ይመረጣል፣ ቀጥሎ ከማርች እስከ ሜይ። በዲሴምበርና በጃንዋሪ ተራራው ላይ ሰማዩ ጥርት ያለ ነው፣ ካትማንዱ ግን በጠዋት ጉም ተዘግታ መነሻውን ታዘገያለች። ከጁን እስከ ሴፕቴምበር ያለው ክረምታቸው ነው፤ ያን ጊዜ ጉዞ ባይገዙ ይሻላል። በጁላይ 11 ቀን 2023 እ.ኤ.አ. አምስት የሜክሲኮ ጎብኚዎችን ይዞ ከኤቨረስት አካባቢ ወደ ካትማንዱ ሲመለስ የነበረ ሄሊኮፕተር ሶሉኩምቡ ውስጥ ወድቆ ከአብራሪው ጋር ስድስቱም ሞቱ። ከዚያ በኋላ የአገሪቱ ሲቪል አቪዬሽን የጉብኝት በረራን ጨምሮ አስቸኳይ ያልሆኑ በረራዎችን ለተወሰነ ጊዜ አግዶ ነበር። ይህ በረራ የሚካሄደው በዓይን በማየት ነው፤ ሸለቆው ከተዘጋ መንገድ የለም። «ዛሬ አንሄድም» ያለ አብራሪ ላይ መጮህ፣ ወይም «ነገ ጠዋት በረራ አለብኝ» ብሎ መጎትጎት ሰውን ወደ ደመና መግፋት ነው። ቢያንስ ሁለት ትርፍ ቀን ካትማንዱ ውስጥ ይኑራችሁ፣ የመመለሻ ትኬታችሁን በማግስቱ አትቁረጡ።

ገንዘብ ከመክፈል በፊት በጽሑፍ መያዝ ያለበት ነገር አለ። በአየር ምክንያት ጭራሽ ካልተነሳ ገንዘቡ ይመለሳል ወይስ ቀን ይለወጣል? ሉክላ ደርሶ ወደ ላይ መውጣት ቢያቅተውስ? ብዙዎቹ ለሁለተኛው ምንም አይመልሱም፤ ጭቅጭቅ የሚነሳውም እዚህ ላይ ነው። አምስት ሰው ካልሞላ ይሰረዛል ወይ? የሳጋርማታ ብሔራዊ ፓርክ መግቢያ ለውጭ ዜጋ 3,000 የኔፓል ሩፒ ነው፣ የአካባቢው አስተዳደር የሚያስከፍለውም ለብቻው አለ፤ ሁለቱ በዋጋው ውስጥ ይሁኑ አይሁኑ ይጠየቅ፤ ጥሬ ሩፒ ይያዝ። የጉዞ መድኅኑ ሄሊኮፕተርንና እስከ 6,000 ሜትር ያለ ከፍታን በግልጽ የሚሸፍን ይሁን።

ፈቃዱም ራሱ የማይለወጥ አይደለም። በ2025 መጀመሪያ የፓርኩ አስተዳደር የንግድ ሄሊኮፕተር በረራን ሲከለክል የአካባቢው ወጣቶች ማረፊያዎቹ ላይ ባንዲራ ተክለው ዘግተው ነበር፤ በረራውም ለጊዜው ቆሞ በኋላ ቀጠለ። ቅሬታቸው የሚናቅ አይደለም። እግረኛው በየመንደሩ አድሮ፣ በልቶ፣ ተሸካሚ ቀጥሮ የሚሄድበትን ገንዘብ ሄሊኮፕተሩ በአናታቸው ይዞት ያልፋል፤ የሚቀርላቸው ድምፁ ነው። ጉዞ ከመግዛታችሁ በፊት በዚያ ሳምንት ካላ ፓታር ማረፍ የተፈቀደ መሆኑን አረጋግጡ።

የኢትዮጵያ ፓስፖርት ለያዘ ሰው ደግሞ ቪዛ አስቀድሞ ከኔፓል ኤምባሲ መውጣት አለበት፤ ካትማንዱ ደርሶ መቀበል ለኢትዮጵያውያን አይሠራም። የአሜሪካ ወይም የአውሮፓ ፓስፖርት የያዘው ማረፊያው ላይ ያገኛል፣ ለ15 ቀን 30 ዶላር ነው።

ጤናው ለሚፈቅድለት የምመክረው መካከለኛውን መንገድ ነው፦ በእግር ወጥቶ ከጎራክ ሼፕ በሄሊኮፕተር መመለስ። ሰውነት ስለለመደ ካላ ፓታርን በእግሩ ወጥቶ እንደፈለገ ይቆያል፣ መንደሮቹም ድርሻቸውን ያገኛሉ፣ ከመመለሻው ሦስት አራት ቀን ይተርፈዋል። ለአዛውንት ወላጆች የምመርጠው ደግሞ ኤቨረስትን አይደለም። ፖክራ ከምትባለው የኔፓል ከተማ (822 ሜትር) አናፑርና በሚባለው ተራራ ሥር ወዳለው ቤዝ ካምፕ የሚደረገው በረራ ሃያ፣ ሃያ አምስት ደቂቃ ብቻ ነው፣ የሚያርፈው 4,130 ሜትር ላይ ነው፣ ዋጋውም ይቀንሳል። ዙሪያውን በበረዶ ተራሮች የታጠረ ሜዳ ላይ ይወረዳል፤ እናት ወይም አባት እጃቸውን ይዘው ቀስ ብለው ለመራመድ አየሩ ይበቃቸዋል።